ጡሩምባ ጠርቶ ነበር?

መቀርቀሪያው እናቱን ወደ ጆሮ ሐኪም ቤት የወሰዳቸው ከሁለት ወር ልመና በኋላ ነው። ሴትዮዋ ሰባ ሁለት ዓመታቸው ነው፤ ጆሯቸው ከከዳቸው ሦስት ዓመት አልፎታል። እሳቸው ግን የእኔ ጆሮ ደህና ነው፣ ሰው ነው ድምፁን ቀንሶ ማውራት የጀመረው ባይ ናቸው። ጎረቤቱም፣ ባለሱቁም፣ የገዛ ምራታቸውም ዝቅ ባለ ድምፅ የሚያወሩት ተማክረው፣ እሳቸውን ለማናደድ ነው። በዚህ ጉዳይ የሚቀበሉት ማስረጃ የለም።

መቀርቀሪያ የሚለውን ስም ያወጣለት ደጋፊ ነው። ሠላሳ አራት ዓመቱ ነው፤ በመሀል ተከላካይነት መጀመሪያ ስምንት ዓመት በሀገሩ፣ ከዚያ ስምንት ዓመት በሰው ሀገር ተጫውቷል። ጫማዬን ከመስቀሌ በፊት አንድ ዓመት ልጫወት ብሎ ዘንድሮ ወደ ቀድሞ ክለቡ ተመልሷል። ተከላካይ ማለት መቼም ስሙ የሚነሳው ሲሳሳት ብቻ የሆነ ፍጡር ነው። አጥቂ ዘጠኝ ስቶ አንዷን ሲያገባ ትከሻ ላይ ይወጣል፤ ተከላካይ ዘጠኝ አድኖ አንዷ ስታመልጠው እናቱ ትሰደባለች። መቀርቀሪያው ይህን ስለሚያውቅ ስሙ ሳይነሳ የዋለ ዕለት ደስ ብሎት ነው ወደ ቤቱ የሚገባው።

የምርመራው ክፍል ግድግዳዋ በወፍራም ስፖንጅ የተለበጠ፣ አንድ ወንበር ብቻ የምታስቀምጥ፣ በአንድ በኩል መስታወት ያላት ጠባብ ሳጥን ናት። እናት በሩ ላይ ሲደርሱ ቀጥ አሉ።

"እዚህ ውስጥስ አልገባም። ገና አልሞትኩም" አሉ።

"እማማ፣ አምስት ደቂቃ ብቻ ነው፤ አያምም" አለች መርማሪዋ።

"ምን አለች?"

"አያምም አለችሽ" አለ ልጃቸው ጮክ ብሎ።

"አያምም የተባልኩት ሁሉ አሞኛል።"

መርማሪዋ ልትስቅ ፈልጋ ከንፈሯን ነከሰች። ከውጭ አግዳሚው ላይ ወረፋ የሚጠብቁት ሰዎች አንገታቸውን አስግገው ማየት ጀመሩ። መቀርቀሪያው አፈረ። ሁለት ሜትር ሊሞላ ጥቂት የቀረው ሰው እናቱን በጉልበት ማስገባት አይችል፣ ትቷቸው መሄድ አይችል።

"እሺ እማዬ፣ እኔ ልግባልሽና እዪኝ" አለ።

ገባ። ጉልበቱ ከግድግዳው ጋር እየተጋጨ እንደምንም ተቀመጠ። መርማሪዋ የጆሮ ማዳመጫውን አጥልቃለት መጫኛ ቁልፍ እጁ ላይ አኖረችና፣ "ድምፅ በሰሙ ቁጥር፣ በጣም ቀጭን ቢሆንም እንኳ፣ ይጫኑ። በቀኝ ጀምሬ ወደ ግራ እሄዳለሁ" ብላ በሩን ዘጋችው።

በቀኝ ጆሮው ቲን አለ፤ ተጫነ። ቲን አለ፤ ተጫነ። እየቀጠነ እየቀጠነ ሄዶ የትንኝ ያህል ሆነ፤ እሱንም ያዘው። በመስታወቱ በኩል እናቱን ጠቀሳቸው። እሳቸው ክንዳቸውን አጣምረው ጉድ ልይ ብለው ቆመዋል። ቀኙ አለቀና ዝም አለ። መቀርቀሪያው ግራው እስኪጀመር ጠበቀ። መርማሪዋ መሣሪያዋን አንድ ነገር አደረገች፣ ቀና ብላ አየችው፣ እንደገና አንድ ነገር አደረገች፣ እንደገና አየችው። እሱም አትቸኩዪ በሚል ዓይነት ፈገግ አለላት። ጥቂት ቆይታ በሩን ከፈተች።

"ጨርሰናል" አለችው።

"ግራው ገና ነው።"

"ግራውንም ጨርሰናል።"

መጀመሪያ የቀለደች መሰለው። ቀጥሎ መሣሪያው ተበላሽቶ ይሆናል አለ። ልጅቷ አልተከራከረችውም፤ ማዳመጫውን ገልብጣ የቀኙን በግራ፣ የግራውን በቀኝ አድርጋ አጠለቀችለትና ከመጀመሪያው ጀመረች። አሁንም የተሰማው በአንድ በኩል ብቻ ነው። ሲወጣ አንድ ወረቀት ሰጠችው። ወረቀቱ ላይ ሁለት መስመር አለ፤ አንዱ ከላይ ከላይ ይሄዳል፣ አንዱ ታች ወርዶ ተጋድሟል።

"ግራ ጆሮዎ አይሰማም። ትንሽ ይሰማል የሚባልም አይደለም፣ ጭራሽ አይሰማም" አለችው። "የቆየ ነው፤ ምናልባትም ከልጅነትዎ። አያውቁም ነበር?"

መቀርቀሪያው ክው አለ።

"ምን አለችህ?" አሉ እናት።

"ግራ ጆሮህ አይሰማም አለችኝ!"

ለእናቱ ሲል ስለጮኸ አግዳሚው ላይ ያለው ሰው ሁሉ ሰማ። እናት እጃቸውን ደረታቸው ላይ አደረጉ።

"ያኔ ኩፍኝ ሲይዝህ ነዋ" አሉ ቀስ ብለው። "አራት ዓመትህ ነበር፤ ጆሮህ መግል አወጣ። ደረቀ፣ ዳነ አሉኝ። እኔም ዳነ ብዬ ተውኩት።" ከዚያ ያለ ምንም ልመና ሳጥኑ ውስጥ ገብተው ተቀመጡ።

ጆሮ ለባለቤቱ ባዳ ነው ይባላል፤ ሰው ስለ ራሱ የሚወራውን መጨረሻ ላይ ነው የሚሰማው ለማለት። በመቀርቀሪያው ላይ ግን ምሳሌው ምሳሌነቱን ትቶ እንዳለ ወረደበት። አግዳሚው ላይ ቁጭ ብሎ ሠላሳ ዓመቱን ወደ ኋላ ያይ ጀመር። የሙዚቃ ማዳመጫ ሲገዛ ግራው ሁልጊዜ ተበላሽቶ ነው የሚያገኘው፤ በአንድ ዓመት ሦስት መልሷል፣ ሻጩንም ሰድቧል። በክለቡ ማደሪያ ቀኝ ጎኑን ተጋድሞ ሲተኛ ቤቱ ቢፈርስ አይነቃም ነበር፤ ጓደኞቹ እንደ ሬሳ ይተኛል እያሉ ይቀልዱበት ነበር። በሰው ሀገር ደግሞ መልበሻ ቤት ውስጥ በግራው የሚቀመጥ አንድ አማካይ ነበር። ሰውየው አንድ ወር ያህል በየጠዋቱ ሰላም ሲለው ከርሞ ድንገት አኮረፈው። መቀርቀሪያውም እነዚህ ሰዎች ሲፈጥራቸው እንግዳ አይወዱም ብሎ ለሚስቱ ነግሯት ነበር።

እዚያው አዲሱ አሰልጣኝ በቀኝ መሀል አሰለፈው፤ በአራት ጨዋታ ሰባት ግብ ገባባቸው። "በቀኝ ስትሆን ትተኛለህ" ብሎ ወደ ግራ መለሰው፤ ወዲያው የተዋጣለት ተከላካይ ሆነ። እሱም የእግር ጉዳይ ነው ብሎ አመነ። አሁን ሲያስበው እግሩ ምንም አላደረገም። በግራ ሲቆም በረኛውም፣ ተጣማሪውም፣ የሚጠራው ሰው ሁሉ በቀኙ ነው። በቀኝ ሲቆም ሁሉም በግራው ይሆናሉ።

ሐሳቡ እዚህ ላይ ሲደርስ ጡሩምባ ትዝ አለውና ከተቀመጠበት ብድግ አለ። ተነስቶም የሚሄድበት አልነበረውም፤ ተመልሶ ተቀመጠ።

ጡሩምባ የክለቡ በረኛ ነበር። ከመቀርቀሪያው በአራት ዓመት ይበልጣል፤ አምስት ዓመት አንድ ክፍል ኖረዋል፣ አንዱ የሌላውን ካልሲ አድርጎ ወጥቷል። ጡሩምባ የተባለው በድምፁ ነው። ከስታዲየሙ አጥር ውጭ የሚያልፍ ሰው ማን እየመራ እንደሆነ ከጡሩምባ ጩኸት ያውቅ ነበር ይባላል፤ ትንሽ ቢጋነንም ውሸት አይደለም።

ክለቡ ያልተጻፈ ሕግ ነበረው። በረኛ ለኳስ ሲወጣ "የኔ" ብሎ ይጮኻል፤ "የኔ" ከተባለ ተከላካይ ይለቃል። ጠርቶ ከተጋጩ ጥፋቱ የተከላካዩ ነው፤ ሳይጠራ ከተጋጩ የበረኛው። ከጨዋታው በኋላ አሰልጣኙ መልበሻ ቤት መሀል ቆሞ "ማን ሰማ?" ብሎ ይጠይቃል፣ የሰማ እጁን ያወጣል፣ ፍርዱ በዚያው ያልቃል። አምበሉ ከተናገረ ደግሞ ከእሱ በላይ ምስክር የለም። ያኔ አምበሉ መቀርቀሪያው ነበር።

ከስምንት ዓመት በፊት የዓመቱ የመጨረሻ ጨዋታ ላይ፣ አቻ ቢወጡ ዋንጫው የእነሱ ነው። አሥር ደቂቃ ሲቀር የቀኙ ተከላካይ በቀይ ካርድ ወጣ፤ መቀርቀሪያው ወደ ቀኝ ተዛወረ። ስታዲየሙ ጢም ብሎ ሞልቷል፣ ከበሮው ጆሮ ይበጥሳል። አንድ ረጅም ኳስ ከሰማይ መጣች። መቀርቀሪያው ዓይኑን ኳሷ ላይ ሰክቶ ወደ ኋላ ኋላ እየሄደ ዘለለ። ጡሩምባ ከግራው በኩል መጣ። የመቀርቀሪያው ራስ የጡሩምባን መንጋጋ አገኘው፤ ጡሩምባ ሲወድቅ ትከሻው ከሥሩ ተሰበረ። ኳሷ ማንም ሳይነካት ተንከባልላ ገባች።

"ማን ሰማ?" አለ አሰልጣኙ።

ሁሉም አምበሉን አዩ። "አልጠራም። ቢጠራ እሰማ ነበር" አለ መቀርቀሪያው። ማንም እጁን አላወጣም። አንዱ እንዲያውም ጡሩምባ በዚያ ሳምንት ጉሮሮውን ታሞ እንደነበር አስታወሰ። በቴሌቪዥኑ ምስል ላይ የጡሩምባ አፍ ተከፍቶ ይታያል፤ ፍርሃትም አፍ ያስከፍታል ተባለ። ጡሩምባ መንጋጋው በሽቦ ታስሮ ሆስፒታል ተኝቷል፣ መናገር አይችልም። በሦስተኛው ቀን ቁራጭ ወረቀት ላይ "ጠርቻለሁ" ብሎ ጽፎ ላከ። መቀርቀሪያው ወረቀቱን አይቶ ደሙ ፈላ። ወንድሜ ያልኩት ሰው ጥፋቱን በእኔ ሊያላክክ ነው ብሎ ሳይጠይቀው ቀረ። ሦስት ሳምንት ቆይቶ ወደ ሰው ሀገር በረረ። ጡሩምባን ክለቡ አሰናበተው፤ ትከሻውም ስላልተመለሰ ሌላ ክለብ አልነካውም።

የአፍ ወለምታ በቅቤ አይታሽም። ይህንን መቀርቀሪያው ያውቃል፤ ያላወቀው ወለም ያለው የራሱ አፍ ሊሆን እንደሚችል ነው። ጡሩምባ ጠርቶ ከነበረስ? እናቱ ከሳጥኑ ወጥተው፣ ምን እንደተባሉ ለሰው ሁሉ ሲነግሩ እሱ ገና ይህን ጥያቄ እየደጋገመ ነበር።

ቤት ሲደርሱ ለሚስቱ ነገራት። አጥባ የጨመቀችውን ሸሚዝ እንደያዘች ቆማ ቀረች።

"እኔ እኮ ሁሌ በቀኝህ ነው የምሄደው" አለች።

"ለምን?"

"መጀመሪያ ስንተዋወቅ በግራህ ሆኜ ሳወራህ ጆሮ ዳባ ልበስ ትለኝ ነበራ። በሦስተኛው ቀን ልተውህ ነበር። ከዚያ አንድ ቀን በቀኝህ ስሄድ መለስክልኝ። እኔም ይሄ ሰው በቀኝ ሲሆኑ ነው ደግ የሚሆነው ብዬ ያዝኩት።"

"አሥር ዓመት ሙሉ አልነገርሽኝም?"

"ምን ብዬ? ትዕቢትህ በግራ በኩል ነው ልበልህ?"

ልትስቅ ጀምራ ፊቱን አየችና ተወችው። ከዚያ የጡሩምባን ነገር አነሳላት። እሷም ጡሩምባን ታውቀዋለች፤ በሠርጋቸው ላይ ያለ ድምፅ ማጉያ ንግግር ያደረገው እሱ ነው። ሸሚዙን አስቀምጣ አጠገቡ ቁጭ አለች። "ሂድና ንገረው" አለችው።

ጡሩምባ የት እንዳለ መቀርቀሪያው አሳምሮ ያውቃል። ከውጭ እንደተመለሰ ሰሞን ከክለቡ አውቶቡስ መስኮት አይቶት ነበር። አውቶቡስ መናኸሪያ ውስጥ ተሳፋሪ ይጠራል። ያኔ ፊቱን አዙሮ ነበር ያለፈው፤ አልጠራም የተባለ ሰው በመጥራት እንጀራውን ይበላል ብሎም በሆዱ ሳቀ። ይህንን አሁን ሲያስታውሰው በራሱ አፈረ።

በማግስቱ ረፋድ ላይ ወረቀቱን በኪሱ ይዞ ሄደ። መናኸሪያው ሞተር በሚያሞቁ አውቶቡሶች፣ በሻንጣና በጭስ ተሞልቷል። ጡሩምባን በዓይኑ ሳይፈልግ በድምፁ አገኘው፤ ማለት ሰማውና ዞረ፤ በዞረበት በኩል አልነበረም፤ በሌላው ነበር። ዕድሜውን ሙሉ እንዲህ ሲዞር እንደኖረ ያን ጊዜ አስተዋለ።

"አንድ ሰው፣ አንድ ሰው የቀረው፣ ሞላ ሞላ" ይላል ጡሩምባ። ጎፈሬው ሳስቷል። ቀኝ ትከሻው ወደ ፊት ወድቋል፤ እጁን ሲያነሳ ከጆሮው በላይ አይሄድለትም። መቀርቀሪያውን አየው፤ ጥሪውን አላቋረጠም። አውቶቡሱ ሞልቶ ከወጣ በኋላ ነው የመጣው።

"ተሳፋሪ ነህ?" አለው።

"አይደለሁም። የምነግርህ ነገር አለ።" ወረቀቱን አውጥቶ ሰጠው።

ጡሩምባ መስመሮቹን አየ፤ አገላበጠው። "ምንድን ነው?"

"ጆሮዬ ነው። የታችኛው ግራው ነው፤ አይሰማም። ከአራት ዓመቴ ጀምሮ አይሰማም። ትናንት ነው ያወቅሁት።"

በረኛ ሜዳውን ከኋላ ሆኖ ስለሚያይ ማን የት እንደቆመ አይረሳም። ጡሩምባ ብዙ አልፈጀበትም።

"ያን ቀን በቀኝ ነበርክ" አለ።

"አዎ።"

"እኔ በግራህ ነው የመጣሁት።"

"አዎ።"

መቀርቀሪያው ስድብ ጠበቀ፤ ቡጢ ቢመጣም ላለመሸሽ ወስኖ ነው የመጣው። ጡሩምባ ግን ወረቀቱን እያየ፣ "እኔ እኮ አልጠራሁም" አለ።

"ምን አልክ?"

"አልጠራሁም። መጀመሪያ ጠርቻለሁ ብዬ ጽፌ ነበር፤ እርግጠኛም ነበርኩ። ማንም አልሰማም ተባልኩ። አንተም አልሰማሁም አልክ። አንተ ደግሞ ስትዋሽ አይቼህ አላውቅም። አንተን ያላመንኩ ማንን ልመን? ጉሮሮዬንም ታምሜ ነበር። አፌን ከፍቼ ድምፁ ሳይወጣ ቀርቶ ይሆናል አልኩ። ሁለት ወር ተኝቼ ሳስበው ሳስበው፣ መጨረሻ ላይ ዝም ማለቴ ራሱ ትዝ ይለኝ ጀመር። ልጄ ትከሻህን ምን ሆነህ ነው ስትለኝም እንደዚያ ነው የነገርኳት። አባትሽ መጮህ ሲገባው አንድ ቀን ዝም አለ አልኳት።"

መቀርቀሪያው እስካሁን ጡሩምባን ከሥራው ያባረረው መስሎት ነበር። ሰውየውን ከገዛ ትዝታው ጭምር እንዳባረረው አሁን ገና ገባው። ስምንት ዓመት ሙሉ ይህ ሰው በራሱ ላይ የመሰከረው እሱን አምኖ ነው። እንባው መጣበት፤ አልከለከለውም።

"ታዲያ ጠርቼ ነበር?" አለ ጡሩምባ።

ቃሉ መቀርቀሪያው አፍ ላይ ነበር። አዎ ጠርተሃል ሊል ነው ከቤቱ የወጣው፤ መንገዱን ሙሉ ሲለማመደው መጥቷል። አፉን ከከፈተ በኋላ ግን ቆመ። ጠርቶ እንደነበር በምን ያውቃል? አንድ ጊዜ ያልሰማውን ነገር አልነበረም ብሎ መስክሯል። አሁን ደግሞ ያልሰማውን ነገር ነበረ ሊል ነው።

"አላውቅም" አለው። "ያኔም አላውቅም ነበር። አውቃለሁ ማለቴ ነው ጥፋቴ።"

ጡሩምባ ወረቀቱን አጥፎ መለሰለት። ከእግር እስከ ራሱ ሲያየው ቆየና፣ "ፊትህን ወደዚያኛው አውቶቡስ አዙር። እንዳትንቀሳቀስ" አለው።

መቀርቀሪያው ዞሮ ቆመ። ፊት ለፊቱ ያለው አውቶቡስ ሞተሩን አስነስቷል፣ ከኋላው ሌላ አውቶቡስ ክላክሱን ይነፋል፣ ጫጫታው የዚያን ቀኑን ስታዲየም ያህል ነው። ጠበቀ። ምንም የለም። ሰለቸው፤ ጡሩምባ ትቶኝ ሄዷል ብሎ አሰበ፤ ቢሄድም አልፈርድበትም አለ። ከዚያ መስኮት አጠገብ የተቀመጠች አንዲት ሴትዮ በእሱ ግራ ትከሻ በኩል አሻግራ አፍጥጣ ስታይ አየ። ጆንያ የተሸከመው ሰው ቆሟል። ሹፌሩ አንገቱን አውጥቷል። ወረፋ ላይ ያለው ሰው ሁሉ ፊቱን ወደ አንድ አቅጣጫ አዙሯል።

መቀርቀሪያውም ዞረ። መጀመሪያ እንደ ልማዱ ወደ ቀኝ ዞረ፤ ማንም የለም። ሙሉ በሙሉ ሲዞር ጡሩምባ አምስት እርምጃ ራቅ ብሎ ቆሟል። አፉ እንደተከፈተ ነው፣ የአንገቱ ሥር ተገታትሯል፣ በተሰበረው ትከሻ በኩል ያለው እጁ የሚችለውን ያህል ወደ ላይ ተነስቷል።

"ሰውዬው ደንቆሮ ነው እንዴ?" አለች ሴትዮዋ ከመስኮቱ። "ሦስቴ ነው 'የኔ' ያለው።"

"አዎ፣ ደንቆሮ ነው" አለ ጡሩምባ። ሄዶ የአውቶቡሱ ደረጃ ላይ ቁጭ አለና እጁን ጉሮሮው ላይ አኖረ። መቀርቀሪያው መጥቶ አጠገቡ ተቀመጠ። ተሳፋሪው እየረገጣቸው ይወጣ ይገባ ጀመር፤ አልተነሱም።

"ጠርቼ ሊሆን ይችላል ማለት ነው" አለ ጡሩምባ።

መቀርቀሪያው ከንፈሩ ሲንቀሳቀስ እንጂ ቃሉን አልሰማም። "እ?" አለው።

ጡሩምባ አየው። ከዚያ ተነሳ፣ በፊቱ ዞሮ አለፈና በሌላው ጎኑ ተቀመጠ።

"ዛሬ ቤት አብረኸኝ ትሄዳለህ" አለው። "ለልጄ አንተ ትነግራታለህ።"

"ምን ብዬ?"

"ለእኔ ያልከኝን። አላውቅም ብለህ።"

ይህንን መቀርቀሪያው አጥርቶ ሰማው።